የከድር ገጽ፦ ከቡታጅራ እስከ በደሳ

ጭሮን አይታችሁ ለማታውቁና ምናልባትም ለማታዩ የሰፈሬ ሰዎች የስድስት ቀን መንገዴን እንዳየሁት እነግራችኋለሁ። ከተመለስኩ ሁለት ወር ሆኖኛል። ጭሮ፣ ትልልቅ ሰዎች አሁንም አሰበ ተፈሪ የሚሏት፣ የምዕራብ ሐረርጌ ከተማ ናት። ለጉብኝት አልሄድኩም። የሄድኩት ለአንድ ገጽ ነው።

እኔ ቡታጅራ ላይ የጽሕፈትና የፎቶ ኮፒ ሱቅ አለኝ፤ ነጃት እባላለሁ። አባቴ ከድር አሰበ ተፈሪ ጨርቃ ጨርቅ ይነግድ ነበር። በሶማሌ ጦርነት ጊዜ፣ እኔ ስድስት ዓመት ሳይሞላኝ፣ “ሰርጎ ገቦችን ረድተሃል” ብለው ወሰዱት፤ አልተመለሰም። እናቴ እኔን ይዛ ወደ ዘመዶቿ ቡታጅራ ገባች። ስለዚያ ጊዜ ስትጠየቅ የምትመልሰው አንድ ነገር ብቻ ነበር፦ “አስቴር የምትባል ጴንጤ ልብስ ሰፊ ናት ያወጣችን። እሷ መጥታ ባትነግረን ኖሮ እኛም አልቀን ነበር።”

ሚሊኒየሙ በተከበረ በሁለተኛው ዓመት፣ ጭሮ የሚነግድ ሱልጣን የሚባል ያገራችን ሰው ለዒድ ሲመጣ ደብዳቤ ይዞልኝ መጣ። እንዲህ ይላል፦ “እኔ አስቴር ነኝ። በአባትሽ ሱቅ በረንዳ ላይ እሰፋ ነበር። በደርግ ጊዜ አብረውኝ የታሰሩትን ሰዎች ስም በደብተር ይዣለሁ። ዓይኔ እየደከመ ነው። ታይፒስት መሆንሽን ሱልጣን ነገረኝ። መጥተሽ ጻፊልኝ። ያልጨረስኩት ገጽ አለ።”

እናቴ ደብዳቤውን ሁለት ጊዜ አስነበበችኝ። ከዚያ ተነሥታ በርበሬ ትለካ ጀመር።

የመጀመሪያው ቀን

ለአስቴር የተላከው በርበሬ በፌስታል ነበር፤ ጥፋቱ የኔ ነው። ከቡታጅራ ወደ ዝዋይ በሚሄደው ሚኒባስ ከወንበር ሥር አስቀመጥኩት። ኮረኮንቹ ላይ ስንንገጫገጭ ፌስታሉ ተቀደደ። መጀመሪያ የኋላ ወንበር አስነጠሰ፣ ቀጥሎ የመሀሉ፣ በመጨረሻ ሹፌሩ ራሱ። መኪናውን አቁሞ ዓይኑን እየጠረገ ዞረና፣ “ይሄን አስለቃሽ ጭስ ማነው የጫነው?” አለ። መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠኝ ደስ ባለኝ። አጠገቤ የነበረች አንዲት ሴት ግን ሻርፗን ፈታ የተረፈውን በርበሬ ቋጠረችልኝና፣ “ያንቺ ነው፤ መልሺልኝ አልልም፣ እኔም ከእንግዲህ አልለብሰውም” አለችኝ። እስከ ዝዋይ ድረስ ሳቅንና አስነጠስን።

ከዝዋይ ሞጆ፣ ከሞጆ አዳማ። አዳማ ከመናኸሪያው ጀርባ አንድ አልቤርጎ ያዝኩ። እኛ አገር በዚያ ወር ጋቢ ደርበን ነው የምንተኛው፤ እዚያ አንሶላውም በዛብኝ። አከራይዋ ሴትዮ ለብቻዬ መሆኔን አይታ ክፍሌን ከራሷ ክፍል አጠገብ አደረገችልኝ። ሳልጠይቃት ነው።

ሁለተኛው ቀን

ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ አውቶቡስ ተሳፈርኩ። ከመተሐራ ጥቁር ድንጋይ በኋላ አገሩ ይደርቃል። ቡታጅራ ላይ የእንሰት ቅጠል ጥላ ነው፤ እዚህ ዛፉ ሁሉ እሾህ ነው፤ ግመሉ ደግሞ ያንን እሾህ ከረሜላ እንደሚበላ ሰው ቀስ ብሎ ያጣጥመዋል። አሰቦት ልንደርስ ትንሽ ሲቀረን ጎማ ፈነዳ። መለዋወጫው ሲወርድ እሱም ነፋስ የለውም።

ሁለት ሰዓት ተኩል ቆምን። ወደ ደብረ አሰቦት ገዳም የሚሄዱ ነጭ የለበሱ እናት ጃንጥላቸውን ከፈቱና፣ “ነይ ልጄ፣ ለሁለታችን ይበቃል” አሉኝ። ገዳሙ ያለበትን ተራራ በጣታቸው አሳዩኝ፤ በሐሩሩ ውስጥ ሰማያዊ ሆኖ ይታያል። አንዲት ግመል የምትጠብቅ ሴት ደግሞ ከመንገዱ ማዶ መጥታ፣ ምንም ሳትናገር፣ የጢስ ሽታ ባለው ዕቃ የግመል ወተት አቀበለችኝ። ጠጥቼ አላውቅም ነበር። ጨው ጨው ይላል፤ ግን ደስ ይላል። ለእናትየዋ ላካፍላቸው ስል ሳቁ፤ “ጾም ነው፤ የኔንም ጠጪልኝ” አሉ። ጃንጥላው ከአንዷ፣ ወተቱ ከሌላዋ ሆኖ ስሜን እንኳ የጠየቀኝ ሰው የለም።

ከሚኤሶ በኋላ መንገዱ መውጣት ይጀምራል። ነፋሱ ቀዘቀዘ፤ ከተራራው ጎን ላይ እርከን በእርከን የተተከለ ጫትና ማሽላ መጣ። ጭሮ በተራሮች መሀል ተቀምጣለች። መናኸሪያው በር ላይ ባጃጆች ተኮልኩለዋል። “አሰበ ተፈሪ ገበያ፣ የሱልጣን ሱቅ” ስለው ባጃጅ ነጂው ፈገግ አለ። “እማማ ነግረውሽ ነው የመጣሽው? አሁን ጭሮ ነው የምንለው” አለኝ። እኔ ግን የማውቃት በእናቴ አፍ ብቻ ነበርና ሌላ ስም አልነበረኝም።

የሱልጣን ሚስት ሉባባ ቆጮ አቀረበችልኝ። ቆጮ፣ ጭሮ ላይ! “አንድ ሰው ካገር በመጣ ቁጥር እናስልካለን። ይኸው አሥራ ስምንት ዓመታችን፤ ሆዳችን ግን ገና አልተዛወረም” አለች።

ሦስተኛው ቀን

እትዬ አስቴር የሚኖሩት ከገበያው በላይ ባለ አንድ ክፍል ቤት ነው። ረጅም፣ ቀጭን፣ ወፍራም መነጽር ያደረጉ ሴት ናቸው። ያለቅሳሉ ብዬ የጠበቅኋቸው ሴትዮ የመጀመሪያ ጥያቄያቸው ይኸ ሆነ፦

“በስንት ጣት ነው የምትመቺው?”

“በአሥሩም፣ እትዬ።”

“ጥሩ። እዚህ ያሉት በሁለት ጣት ነው የሚለቅሙት።”

በርበሬውን ሰጠኋቸው፤ የሻርፑን ታሪክ ስነግራቸው እስኪያስላቸው ሳቁ። ከዚያ በመስኮቱ ሥር ካለው የእግር ስፌት መኪና መሳቢያ ስድስት የተማሪ ደብተር አወጡ።

ታሪካቸውን እንደነገሩኝ ላሳጥረው። ቤተ ክርስቲያናቸው ሲዘጋ በየቤቱ እየተሰበሰቡ ይጸልዩ ነበር። አንድ ቀን በቀበሌ ስብሰባ ላይ ሁሉም ግራ እጁን አንሥቶ “ከሁሉም በላይ አብዮቱ!” እንዲል ታዘዘ። እትዬ አስቴር እጃቸውን አላነሡም።

“ለምን ሲሉኝ፣ ከሁሉም በላይ የምለው አንድ ነው፣ ሌላ የለኝም አልኩ። ጀግና ሆኜ እንዳይመስልሽ። እጄ አልነሣ አለኝ።”

የታሰሩት የእህል መጋዘን በነበረ ቤት ነው። መሀሉን በቆርቆሮ ከፍለውት ሴቶች በአንድ በኩል፣ ወንዶች በሌላ በኩል ነበሩ። በጸሎት የተያዙ ጴንጤዎች አሉ፤ በጦርነቱ ሰበብ ለጠላት አደሩ ተብለው የተያዙ እስላም ነጋዴዎችና ገበሬዎችም አሉ። አባቴም መጣ። በየጠዋቱ የወንዱም የሴቱም ስም ይጠራል። አንድ ስም ሁለት ጊዜ ተጠርቶ “አቤት” የሚል ከጠፋ ያ ሰው ተወስዷል ማለት ነው።

“ስም ጥሪውን በቃሌ ያዝኩት” አሉ። “ከተፈታሁ በኋላ ወረቀት ላይ ለማስፈር ፈራሁ። ደርግ እስኪወድቅ ድረስ ይቺን መኪና እየረገጥኩ በልቤ እጠራቸው ነበር። ደንበኛ ‘አስቴር፣ ምን ታጉረመርሚያለሽ?’ ሲለኝ፣ ‘መዝሙር ነው’ እላለሁ። ውሸት አልነበረም። ለኔ መዝሙር ነበር።”

መንግሥት በተለወጠ ሰሞን ደብተር ገዙ። ለአንድ ሰው አንድ ገጽ ሰጡ፤ ስሙን፣ ሥራውን፣ አገሩን፣ በመጨረሻ የታየበትን። የማያውቁትን “አላውቅም” ብለው ጽፈዋል። ለሚያስታውሷቸው ሁሉ ዘመድ እየፈለጉ፣ እየጠየቁ፣ እያረሙ ዓመታት ፈጅተዋል። ሰው እንዲህ ያለ ትዕግሥት ከየት ያመጣል እያልኩ እስከ ማታ ገለበጥኩ። በዘጠኝ ሰዓት ግድም አራተኛው ደብተር ውስጥ አገኘሁት። “ከድር። የጨርቅ ነጋዴ። አገሩ ቡታጅራ። ሚስቱ መርየም፣ ልጁ ነጃት።” ከዚያ በታች ገጹ ባዶ ነው።

“ይሄ ለምን ባዶ ሆነ?” አልኩ።

መነጽራቸውን አውልቀው በቀሚሳቸው ጫፍ ጠረጉ። “ነገ በደሳ እንሄዳለን። ከአባትሽ ጎን ይተኛ የነበረ ሰው አለ።”

አራተኛው ቀን

ወደ በደሳ የሚወስደው መንገድ አፈር ነው። የገበያ ቀን ስለነበረ ሚኒባሱ ውስጥ ከሰው ይልቅ ኩንታል ይበዛል። አንዲት ነጋዴ ዶሮዎቿን ጭኔ ላይ አስቀመጠችና፣ ስትወርድ “ገለቶሚ” ብላ አመስግናኝ ሁለት ሙዝ ሰጠችኝ። እኛ አገር ዶሮ ተሸክሞ ለሄደ ሰው ሙዝ አይሰጥም፤ ከፈረንጅ አገር የመጣሁ መሰለኝ።

ሐጂ ሙሜ ቡና የሚያለሙ ገበሬ ናቸው፤ ጺማቸው በሒና ቀልቷል። “አሰላሙ አለይኩም” ስላቸው እጄን በሁለት እጃቸው ያዙ። አማርኛቸው ጥቂት ነው፤ እትዬ አስቴር ሊያስተረጉሙ ተቀመጡ። ሆጃ ቀረበልን፤ የቡና ገለፈት ከወተት ጋር ፈልቶ የሚጠጣ ነው። ሐጂ በኦሮምኛ ጀመሩ፤ እትዬ አስቴር ተከተሉ።

“አባትሽ ከጎኔ ነበር የሚተኛው ይላሉ። የሰውን ልብስ በእጁ ዳስሶ፣ ከየትኛው ፋብሪካ እንደወጣ የሚያውቅ ሰው ነበር። የእስረኛውን ሁሉ ኮት እየዳሰሰ ‘አንተን ሸውደውሃል’ ይል ነበር ይላሉ።”

ሳቅሁ። ስለ አባቴ ስስቅ በሕይወቴ የመጀመሪያዬ ነበር።

“ከዚያ፣ ከተገደሉት ሰርጎ ገቦች አንዱ አዲስ ካኪ ሱሪ ለብሶ ተገኘ ይላሉ። ጨርቁ የከድር ሱቅ ነው ተባለ። አወጡት፤ ገረፉት። ‘ማን ሰፋው?’ ብለው ጠየቁት ይላሉ።”

እዚህ ላይ እትዬ አስቴር አቆሙ። ሐጂ ቀጠሉ፤ ትርጉም እንዳልተከተላቸው ሲያዩ ዝም አሉ። ቀና ብለው አዩዋቸው።

“ኢቲ ሂሚ” አሉ። ሐጂ ወደ አማርኛ ዞሩ፤ “ንገሪ፣ አስቴር። አንቺ ነው እሷን ያመጣሽ።”

“‘ጨርቅ እሸጣለሁ እንጂ ማን እንደሚሰፋው አላውቅም’ አለ” አሉ እትዬ አስቴር፣ ዓይናቸውን ከብርጭቆው ሳያነሡ። “ሦስት ቀን ገረፉት። ሦስት ቀን አላውቅም አለ።”

“ማን ነበር የሰፋው?”

“እኔ።”

እሳቸውም አባቴም የማያውቁት ሰው መጥቶ አንድ ጣቃ ካኪ ከአባቴ ገዛ፤ ለመንገድ ሠራተኞች ነው ብሎ በረንዳው ላይ አሥር ሱሪ አሰፋ። ሁለቱም አመኑት። ነገሩ ሲወጣ እትዬ አስቴር በእምነታቸው ቀድመው ታስረው ነበርና መጀመሪያ የተጠሩት እሳቸው ናቸው።

“‘እናንተ ጴንጤዎች አንዋሽም ትላላችሁ አይደል? ይሄ ካኪ የከድር ነው አይደለም?’ አሉኝ። ነው አልኩ። መዋሸት ኃጢአት ነው ብዬ። ማን ሰፋው ብለው ግን አልጠየቁኝም፤ እኔም አልነገርኳቸውም። በሳምንቱ እኔን ፈቱኝ።”

ሆጃው በእጄ ላይ ቀዘቀዘ። ሐጂ ሙሜ፣ አባቴ የተወሰደ ዕለት ጫማውን አውልቆ እንደሰጣቸውና እሳቸው ሲፈቱ እስከ በደሳ በዚያ ጫማ እንደሄዱ፣ በተሰባበረ አማርኛ ራሳቸው ነገሩኝ። የት እንደወሰዱት አያውቁም። ማንም አያውቅም። ስንነሣ ባለቤታቸው አንድ ከረጢት ቡና አሸከሙኝ፤ ማመስገኔን አላስታውስም።

ሚኒባሱ ጋ ስንደርስ፣ “ለምን እዚያው ቤትዎ አልነገሩኝም?” አልኳቸው።

“ብቻዬን ብነግርሽ አሳምሬ እነግርሽ ነበር” አሉ። “ሐጂ አያሳምሩም።”

የኋላ ወንበር ላይ ለብቻዬ ተቀመጥኩ።

አምስተኛው ቀን

ጠዋት ሻንጣዬን ዘጋሁ። ያንገበገበኝ ሞቱ ብቻ አይደለም፤ የእናቴ የሠላሳ ዓመት ምርቃት ነው። ከየሶላቷ በኋላ “አላህ ለአስቴር ይስጣት” የምትለው።

ሉባባ ነገሩን ከፊቴ አነበበችው መሰለኝ። ትኩስ ፈጢራ በማር አቀረበችና፣ “ሂጂም ቅሪም አልልሽም። ግን ብይ። በባዶ ሆድ የተወሰነ ነገር አያምርም” አለችኝ። በላሁ። ስበላ ግን አንድ ጥያቄ እየቆረቆረኝ መጣ፤ ሳልጠይቅ ወደ ቡታጅራ ብመለስ ዕድሜዬን ሙሉ የሚከተለኝ ጥያቄ ነው። ወደ ላይ ወጣሁ።

እትዬ አስቴር መኪናቸው ፊት ተቀምጠው ነበር፤ ሳይሰፉ። በሩ ላይ እንደቆምኩ፣ “ያውቅ ነበር?” አልኳቸው። “እርስዎ እንደተናገሩ አባቴ ያውቅ ነበር?”

“ነገርኩት። በቆርቆሮው ቀዳዳ፣ እኔ ራሴ። ከዚያ፣ ‘አንቺ ሴት፣ መዋሸቱስ ይቅር፣ ዝም ማለት እንዴት አቃተሽ? በረንዳዬ ላይ ቀኑን ሙሉ ዝም ብለሽ ትሰፊ የለም እንዴ?’ አለኝ። የሳቀ መሰለኝ። እርግጠኛ አይደለሁም፤ ሳል ይሆናል። እሱን እንዳትጽፊው። ቀጠለና፣ ‘ከፈቱሽ ለመርየም ንገሪያት። ሱቁን ትታ፣ ልጄን ይዛ ዛሬውኑ ካገር ትውጣ’ አለኝ። እንደተፈታሁ ቤቴ ሳልገባ እናንተ ጋ መጣሁ። መልእክቱን ነገርኳት፤ ሌላውን ዋጥኩት። ለጠያቂዎቹም ግማሽ፣ ለእናትሽም ግማሽ። ግማሽ እውነት ስናገር ኖሬያለሁ።”

የቤተ ክርስቲያናቸው ወጣቶች ደብተሩን ሊያሳትሙላቸው ፈልገው እንደነበርም ነገሩኝ። ባዶው ገጽ ላይ ሊጽፉ ያሰቡትን ሲነግሯቸው፣ “ታሪክዎ ያበረታናል፤ ይቺን ገጽ ግን እንለፋት” ብለዋቸዋል። “ሰው እንዲዘለል አይደለም ስም የያዝኩት አልኳቸው። ነገ የሚያነብ ልጅ መጋዘኑ ውስጥ መላእክት ብቻ የነበሩ እንዲመስለው አልፈልግም። ያኔ እንዲህ ያለው ነገር በሱ ላይ ሲመጣ ምን ያደርጋል?”

ተቀመጥኩ፤ አራተኛውን ደብተር ከፈትኩ፤ እስክሪብቶ ያዝኩ። እሳቸው ተናገሩ፣ እኔ ጻፍኩ። ስጨርስ አነበብኩላቸው። “ተገድጄ መሰከርኩ” ስል እጃቸውን አነሡ።

“‘ተገድጄ’ን ከየት አመጣሽው?”

“እስር ቤት ነበሩ፣ እትዬ...”

“ሰርዢው። አልመቱኝም። ጠየቁኝ፣ መለስኩ።”

ሰረዝኩት። ይቅርታ አልጠየቁኝም፤ እኔም ይቅር አላልኳቸውም። ስንለያይ ግን እጃቸውን ሳምኩ፤ ለምን እንደሳምኩ እኔም አላውቅም።

ስድስተኛው ቀን

ስድስቱን ደብተር ሉባባ በኩታ ጠቅልላ ሰጠችኝ። አውቶቡሱ አሰቦትን ያለ ምንም ችግር አለፈ፤ በመስኮት ግመሎቹን ብፈልግም ሴትዮዋን አላየኋትም። ሲመሽ ቡታጅራ ገባሁ፤ ዝናብ ተቀበለኝ።

በማግስቱ ለእናቴ ገጹን አነበብኩላት። ሰምታ ስትጨርስ ተነሥታ ወጣች። ሁለት ቀን ከሶላት ውጪ ድምፅዋን አልሰማሁም። በሦስተኛው ቀን ሱቅ ድረስ መጣች፤ እኔ እየተየብኩ ነበር።

“ያቺን አባትሽ የተናገራትን ብቻ ድገሚልኝ” አለችኝ።

“‘አንቺ ሴት፣ መዋሸቱስ ይቅር፣ ዝም ማለት እንዴት አቃተሽ...’”

“እሱ ነው” አለች። “ወላሂ እሱ ነው።”

ያልተጻፈውንም ነገርኳት፤ እትዬ አስቴር ሳቅ ይሁን ሳል እርግጠኛ እንዳልሆኑ።

እናቴ ጠረጴዛዬን ተደገፈች። “ሁለቱም ነው” አለች። “አባትሽ ሲስቅ ያስል ነበር።”

ስለ አስቴር እስካሁን አንድ ቃል አልተነፈሰችም፤ ከሶላት በኋላ የምትመርቀውንም ከዚያ ወዲህ አልሰማሁም። እኔም አልጠይቃትም። በዚያው ቀን ግን በሱልጣን ስልክ ጭሮ ደወልኩ። እናቴ ያለችውን ለእትዬ አስቴር ነገርኳቸው። በስልኩ ውስጥ የገበያው ጫጫታ ይሰማ ነበር።

“እንግዲያው ጻፊው” አሉኝ።